ካሳው ሲዘገይ፦ መሬቱ ለተወሰደበት ሰው የሕንድ ፍርድ ቤቶች የሚሰጡት መፍትሔ

መሬት የሚወሰደው በምን ሥርዓት ነው?

መንግሥት ለመንገድ፣ ለባቡር ሐዲድ፣ ለግድብ ወይም ለኢንዱስትሪ ቀጣና የግለሰብ መሬት ሲያስፈልገው፣ ባለቤቱ ባይስማማም ካሳ ከፍሎ ሊወስደው ይችላል። ይህ ሥልጣን የሌለው አገር ጥቂት ነው። መሬቱ ተወስዶ ካሳው ሳይከፈል ዓመታት ሲያልፉ ፍርድ ቤት ምን ማድረግ ይችላል ለሚለው ጥያቄ ግን የየአገሩ መልስ ይለያያል። እዚህ የሚብራራው የሕንድ ሥርዓት ነው፤ የሕንድ ፍርድ ቤቶች የካሳ መዘግየትን ራሱን የቻለ በደል አድርገው ለብዙ አሥርት ዓመታት ሲዳኙ ቆይተዋል። በጽሑፉ ውስጥ ያሉት ዓመታት በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ከኢትዮጵያ ሕግ ጋር ያለው ልዩነት በቅድሚያ መታወቅ አለበት። በኢትዮጵያ ሕገ መንግሥት አንቀጽ 40 መሠረት መሬት የመንግሥትና የሕዝብ ነው፤ ለመሬቱ የሽያጭ ዋጋ አይከፈልም። በሕንድ መሬት የግል ሀብት ስለሆነ ይሸጣል፣ ይለወጣል፤ ካሳውም የሚነሣው ከመሬቱ የገበያ ዋጋ ነው። ሆኖም የኢትዮጵያው አንቀጽ 40 ንዑስ አንቀጽ 8 ተመጣጣኝ ካሳ በቅድሚያ መከፈል እንዳለበት በግልጽ ሲደነግግ፣ የሕንዱ አቻ አንቀጽ 300ኤ ስለ ካሳ አንድ ቃል አይናገርም። የሚለው ማንም ሰው በሕግ ካልሆነ በቀር ንብረቱን አያጣም ብቻ ነው። በ1978 በተደረገው 44ኛው ማሻሻያ የንብረት መብት ከመሠረታዊ መብቶች ዝርዝር ወጥቶ ነበርና ካሳ በጊዜው የማግኘት መብት የቆመው በዝርዝር ሕጎችና በዳኞች ትርጓሜ ላይ ነው።

ዋናው ዝርዝር ሕግ የ2013ቱ የመሬት ማስለቀቅ፣ የካሳና የመልሶ ማቋቋም ሕግ ነው። ከጃንዋሪ 1 ቀን 2014 ጀምሮ የጸና ሲሆን፣ በእንግሊዝ ቅኝ አገዛዝ ዘመን በ1894 የወጣውን ሕግ ተክቷል። ሥራውን የሚመራው ኮሌክተር (የአውራጃ ዋና አስተዳዳሪ ሆኖ መሬት የማስለቀቅና ካሳ የመተመን ሥልጣን የተሰጠው ሹም) ነው። መሬቱ መፈለጉ በመጀመሪያ ማስታወቂያ ይገለጻል፤ ተቃውሞ ይሰማል፤ የመውሰድ ውሳኔው በይፋ ይታወጃል፤ ከዚያ ኮሌክተሩ አዋርድ (የእያንዳንዱን ባለመሬት ካሳ የሚወስን የጽሑፍ ውሳኔ) ይሰጣል። ካሳው ከአዋርዱ በኋላ በ3 ወር ውስጥ መከፈል አለበት፤ መሬቱን መረከብ የሚቻለውም ከዚያ በኋላ ነው።

ዶሴው የሚቆመው የት ላይ ነው?

ክፍያ የሚዘገይባቸው ደረጃዎች ሦስት ናቸው፤ የፍርድ ቤቱ መፍትሔም በየደረጃው ይለያያል። አንደኛው ከአዋርዱ በፊት ያለው ነው። መሬቱ እንደሚወሰድ ታውጇል፤ አንዳንድ ጊዜም መንገዱ ተሠርቶ መኪና ይሄድበታል፤ የካሳው ልክ ግን ገና አልተወሰነም። ሁለተኛው በአዋርዱና በክፍያው መካከል ያለው ነው። ካሳውን የሚወስነው ኮሌክተሩ ሲሆን ገንዘቡን የሚያወጣው ግን መሬቱን የፈለገው ሌላ መሥሪያ ቤት፣ ለምሳሌ የባቡር ወይም የመንገድ ድርጅት ነው። ድርጅቱ በጀት አልተለቀቀልኝም ይላል፤ ኮሌክተሩ ገንዘቡ አልገባልኝም ይላል፤ ባለመሬቱ በሁለቱ መካከል ደጅ ሲጠና ይከርማል።

ሦስተኛው ደረጃ ብዙ ጊዜ ይዘነጋል። በአንድ ማስታወቂያ የተወሰደ መሬት የመቶ ሰው ሊሆን ይችላል። ከመቶው አሥሩ ካሳው አንሷል ብለው ተከራክረው ከፍ ያለ ዋጋ ሲፈረድላቸው፣ ያልተከራከሩት ዘጠና ሰዎችም ጭማሪው ለእኛም ይገባናል ብለው ለኮሌክተሩ ማመልከት እንዲችሉ ሕጉ ፈቅዷል። ይህ መብት በ1984 በአሮጌው ሕግ በአንቀጽ 28ኤ የገባ ሲሆን፣ በአዲሱ ሕግ አንቀጽ 73 ላይ ይገኛል። ዓላማው ጠበቃ ለመቅጠር አቅም ያጣው ገበሬ ከጎረቤቱ ያነሰ እንዳይከፈለው ነው። የመሬቱ ዋጋ በዳኛ ተወስኖ ስላለቀ ለኮሌክተሩ የሚቀረው ማስላት ነው። እንዲህ ያለ ማመልከቻ ለዓመታት ሳይታይ መቀመጡ ከሦስቱ ሁሉ ይበልጥ የሚከብድ ነው፤ የሚጎዳው ሕጉ ሊጠብቀው ያሰበውን ያንኑ ሰው ነውና።

ሕጉ ራሱ ለመዘግየት ያወጣው ዋጋ ምንድን ነው?

የመጀመሪያው መፍትሔ ወለድ ነው። ለዚህ የተለየ ክስ አያስፈልግም፤ በሕጉ ውስጥ ተጽፏል። ካሳው ሳይከፈል መሬቱ ከተያዘ፣ ለመጀመሪያው ዓመት 9 በመቶ፣ ከዚያ በኋላ ላለው ጊዜ በዓመት 15 በመቶ ወለድ ይታሰባል። ለምሳሌ ካሳው 1,000,000 ሩፒ የሆነ ባለመሬት መሬቱ ከተያዘ 4 ዓመት ቆይቶ ቢከፈለው፣ የመጀመሪያው ዓመት ወለድ 90,000፣ የቀሪዎቹ 3 ዓመታት 450,000 ይሆናል፤ በድምሩ 540,000 ሩፒ ከዋናው ገንዘብ ጋር ሊደርሰው ይገባል። ወለዱ የሚታሰበው በገበያው ዋጋ ላይ ብቻ አይደለም። ሶሌሺየም (ባለመሬቱ ሳይወድ በግድ በመልቀቁ በካሳው ላይ የሚጨመር ማካካሻ) ጭምር ወለድ እንደሚታሰብበት ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ በ2001 ወስኗል። ሶሌሺየሙ በአሮጌው ሕግ በመጨረሻ 30 በመቶ የነበረ ሲሆን በአዲሱ 100 በመቶ ስለሆነ ይህ ውሳኔ ትልቅ ልዩነት ያመጣል።

ሁለተኛው መፍትሔ የሥርዓቱ መፍረስ ነው። የመውሰድ ውሳኔው ከታወጀ በኋላ በ12 ወር ውስጥ አዋርድ ካልተሰጠ፣ መንግሥት ምክንያቱን ጽፎ ካላራዘመው በቀር፣ ሂደቱ በሙሉ ይሻራል። በ1894ቱ ሕግ ተጀምረው ለተንጠለጠሉ ጉዳዮችም አንቀጽ 24 መሸጋገሪያ አስቀምጧል፦ አዋርድ ከተሰጠ 5 ዓመትና ከዚያ በላይ ሆኖት መሬቱ ካልተያዘ «ወይም» ካሳው ካልተከፈለ ሂደቱ ፈርሷል ይላል። በዚህች አንዲት ቃል ላይ ለዓመታት ከተከራከሩ በኋላ፣ በማርች 2020 አምስት ዳኞች የተሰየሙበት የጠቅላይ ፍርድ ቤት ችሎት ሁለቱም ጉድለቶች በአንድነት መኖር አለባቸው ሲል ደመደመ። ስለዚህ መሬቱ ተይዞበት ካሳ ያልተከፈለው ሰው በዚህ አንቀጽ መሬቱን አያስመልስም። ውሳኔው ለመንግሥት ሥራ መረጋጋት ያሰበ ቢሆንም፣ ለባለመሬቱ በጣም ብርቱ የነበረውን ማስገደጃ አሳጥቶታል።

ኮሌክተሩ አቤቱታውን ይዞ ቢቀመጥስ?

ካሳው አንሷል የሚል ባለመሬት በቀጥታ ወደ መደበኛ ፍርድ ቤት አይሄድም። ማመልከቻውን ለኮሌክተሩ ያስገባል፤ ኮሌክተሩ ደግሞ ጉዳዩን በ30 ቀን ውስጥ ለካሳ ዳኝነት አካል (በ2013ቱ ሕግ የተቋቋመና የካሳ ክርክር የሚዳኝ ባለሥልጣን) መምራት አለበት። በአሮጌው ሕግ የዚህ አሠራር ድካም ግልጽ ነበር፤ ተመንህ ልክ አይደለም የተባለው ሹም ራሱ በሩን የሚከፍት ስለሆነ፣ ዝም ካለ ክርክሩ አይጀመርም። አዲሱ ሕግ በአንቀጽ 64 ለዚህ መውጫ አበጅቷል። 30 ቀኑ ካለፈ አመልካቹ በቀጥታ ወደ ዳኝነት አካሉ ሄዶ፣ ኮሌክተሩ በ30 ቀን ውስጥ እንዲመራ ትእዛዝ ይሰጥልኝ ብሎ ይጠይቃል።

ይህን መንገድ የሚዘጋ አንድ ስሕተት አለ። ባለመሬቱ ገንዘቡ ስለቸገረው አዋርዱ የሰጠውን ካሳ ያለ ምንም ቃል ፈርሞ ከተቀበለ፣ በዚህ መንገድ ጭማሪ የመጠየቅ መብቱን ያጣል። ሕጉ የሚጠይቀው ሲቀበል «መጠኑን በመቃወም» እንደተቀበለ በጽሑፍ እንዲገለጽ ነው። ይህን ሐረግ በፊርማው አጠገብ ያሰፈረና ያላሰፈረ ሁለት ጎረቤታሞች፣ መሬታቸው እኩል ቢሆንም መብታቸው እኩል አይሆንም።

ማንዳመስ ምን ያስገኛል? ምንስ አያስገኝም?

ሕጉ የተለየ መውጫ ባላበጀበት ቦታ ሁሉ የሚቀረው ማንዳመስ ነው። ማንዳመስ ማለት አንድ የመንግሥት ሹም በሕግ የተጣለበትን ግዴታ እንዲፈጽም ፍርድ ቤት የሚሰጠው አስገዳጅ ትእዛዝ ነው። በሕንድ ሕገ መንግሥት አንቀጽ 226 መሠረት ይህን ትእዛዝ የመስጠት ሥልጣን የየክፍለ ግዛቱ ከፍተኛ ፍርድ ቤት ነው። መደበኛ ክስ በመንግሥት ላይ ለመመሥረት የ2 ወር የቅድሚያ ማስጠንቀቂያ የሚያስፈልግ ሲሆን፣ ለዚህ አቤቱታ አያስፈልግም። ማስረጃውም ቀላል ነው፤ ክርክሩ በአብዛኛው በሰነድ ስለሚያልቅ ምስክር አይሰማም።

ትእዛዙን ለማግኘት ሦስት ነገሮች መታየት አለባቸው። ሹሙ በሕግ የተጣለበት ግዴታ መኖሩ፣ አመልካቹ ከዚያ ግዴታ የሚመነጭ መብት ያለው መሆኑ፣ እንዲሁም ሹሙ ተጠይቆ እንቢ ማለቱ ወይም ዝም ማለቱ። ብዙ አቤቱታ የሚወድቀው በሦስተኛው ነው። ኮሌክተሩ ቢሮ አሥር ጊዜ የተመላለሰ ሰው ምልልሱን በቃሉ ብቻ ከተናገረ፣ የመንግሥት ጠበቃ ማመልከቻ አልደረሰንም ብሎ ይመልሳል። ቀንና ማኅተም ያለበት የማመልከቻ ግልባጭ፣ ወይም የአደራ ደብዳቤ ደረሰኝ ካለ ግን ዝምታው ራሱ ማስረጃ ይሆናል። ይህ ትንሽ ወረቀት ከረጅም የሕግ ክርክር ይበልጥ ይረዳል።

የትእዛዙ ወሰን መታወቅ አለበት። ማንዳመስ በአብዛኛው «ማመልከቻው አመልካቹን ሰምቶ፣ በዚህን ያህል ጊዜ ውስጥ፣ ምክንያቱ በተገለጸ ውሳኔ ይቋጭ» የሚል ነው፤ ጊዜውም ብዙውን ጊዜ በሳምንታት ወይም በጥቂት ወራት ይቆጠራል። ይህን ያህል ሩፒ ይከፈል አይልም። የካሳውን ልክ መወሰን በሕግ ለሌላ አካል የተሰጠ በመሆኑ ዳኛው በሹሙ ወንበር አይቀመጥም። ስለዚህ ትእዛዙን ያገኘ ሰው ያገኘው ውሳኔ እንጂ ገንዘብ አይደለም፤ ውሳኔውም አይገባህም የሚል ሊሆን ይችላል። የካሳው ልክ ተወስኖ ክፍያው ብቻ ሲቀር ግን ጉዳዩ ይለያል። በዚህ ጊዜ የሚቀር የሹም ሚዛን ስለሌለ ከፍተኛ ፍርድ ቤቱ ክፍያው ከነወለዱ እንዲፈጸም በቀጥታ ሊያዝ ይችላል።

ፍርዱ ተገኝቶ ገንዘቡ ባይከፈልስ?

ትእዛዝ ያልፈጸመ ሹም በ1971ዱ የፍርድ ቤት መድፈር ሕግ ይጠየቃል። ቅጣቱ እስከ 6 ወር እስራትና እስከ 2,000 ሩፒ መቀጮ ሊደርስ ይችላል። መቀጮው ዛሬ ከቁጥር የሚገባ አይደለም፤ የሚያስፈራው ሹሙ በአካል ችሎት ቀርቦ እንዲያስረዳ መታዘዙ ነው። በተግባር ብዙ ዶሴ የሚንቀሳቀሰው መጥሪያው በወጣ ማግስት ነው።

የገንዘብ ፍርድ ከሆነ ደግሞ አፈጻጸም አለ። በመንግሥት ላይ የተሰጠ ፍርድ ለ3 ወር ሳይፈጸም ከቆየ፣ ባለፍርዱ የመንግሥት ንብረት ተይዞ እንዲከፈለው መጠየቅ ይችላል። በ2017 በፑንጃብ ግዛት በሉዲያና ከተማ የደረሰው ይህን በግልጽ ያሳያል። የባቡር ድርጅቱ ለሐዲድ መሬቱን ወስዶበት፣ ፍርድ ቤት ካሳውን ከፍ ካደረገለት በኋላም ከ10 ሚሊዮን ሩፒ በላይ ያልተከፈለው አንድ ገበሬ ለአፈጻጸም አመለከተ። ፍርድ ቤቱም ከአምሪትሳር ወደ ኒው ዴልሂ የሚሄደው ስዋርና ሻታብዲ ኤክስፕረስ የተባለው ፈጣን ባቡር እንዲያዝ አዘዘ። ገበሬው ከጠበቃውና ከፍርድ ቤት ሠራተኛ ጋር ሉዲያና ጣቢያ ደርሶ ትእዛዙን ለባቡሩ ነጂ ሰጠ። ተሳፋሪ እንዳይጉላላ ባቡሩ ጉዞውን ቀጠለ፤ ይሁን እንጂ አንድ የድርጅቱ መሐንዲስ ባቡሩ በፍርድ ቤት እጅ እንደሆነ በፊርማው ተረከበ። ካሳ በጊዜው የሚከፍል መሥሪያ ቤት እንዲህ ያለ ፊርማ ውስጥ አይገባም።

ወለድ የማይክሰው ጉዳት ምንድን ነው?

የገበያው ዋጋ የሚተመነው መሬቱ እንደሚፈለግ በተገለጸበት ቀን በነበረው ዋጋ ነው። አዋርዱ በፍጥነት ከተሰጠ ይህ ደንብ ትክክል ነው፤ ፕሮጀክቱ ራሱ ያናረው ዋጋ በካሳው ውስጥ እንዳይገባ ይጠብቃል። አዋርዱ አሥር ዓመት ከዘገየ ግን ባለመሬቱ በአሥር ዓመት አሮጌ ዋጋ ይከፈለዋል። በከተማ ዳር ያለ መሬት በዚያ ጊዜ ውስጥ ብዙ እጥፍ ሊወደድ ስለሚችል፣ የተነሣው ሰው በካሳው በዚያው አካባቢ ትንሽ ቦታ እንኳ መግዛት ያቅተዋል። 9 እና 15 በመቶ ወለድ ይህን ልዩነት አይሞላም።

ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ በጃንዋሪ 2025 የወሰነው የካርናታካ ጉዳይ ይህንኑ የሚመለከት ነው። ቤንጋሉሩንና ማይሱሩን ለሚያገናኘው የመንገድ ፕሮጀክት መሬቱ እንደሚፈለግ የተገለጸው በ2003፣ መሬቱ የተያዘው በ2005 ነበር። አዋርዱ የተሰጠው በኤፕሪል 2019 ነው፤ ያውም ባለመሬቶቹ በፍርድ ቤት መድፈር ካመለከቱ በኋላ። ሹሙ በ2003 ዋጋ መተመን ግልጽ ግፍ እንደሚሆን ስለተረዳ ቀኑን በራሱ ሥልጣን ወደ 2011 አመጣው። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ሹሙ ቀን የመለወጥ ሥልጣን የለውም አለ፤ ነገር ግን የገንዘብ ዋጋ የሚለካው በሚገዛው ነገር መሆኑን አስታውሶ፣ ራሱ በአንቀጽ 142 (ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ የተሟላ ፍትሕ ለመስጠት ልዩ ትእዛዝ እንዲያወጣ የሚፈቅድ ድንጋጌ) ተጠቅሞ ካሳው በኤፕሪል 2019 ዋጋ በ2 ወር ውስጥ እንደገና እንዲተመን አዘዘ።

ለመዘግየት እስካሁን ከተሰጡት መፍትሔዎች ሁሉ ጉዳቱን በልኩ የሚክሰው ይህ ነው። ችግሩ አንቀጽ 142 ለጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ብቻ የተሰጠ መሆኑ ነው፤ የአውራጃ ዳኛም ሆነ ከፍተኛ ፍርድ ቤት አይጠቀምበትም። ከሁለት አሥርት ዓመታት ክርክር በኋላ ኒው ዴልሂ የሚደርስ ባለመሬት ደግሞ ጥቂት ነው። የተመኑ ቀን አዋርዱ በዘገየ ቁጥር አብሮ እንዲሸጋገር ሕጉ ራሱ ሊደነግግ ይገባ ነበር።

አቤት ባዩ ራሱ የዘገየ እንደሆነስ?

መንግሥት ብዙ ጊዜ የሚያነሣው መከላከያ አመልካቹ ራሱ ዘግይቷል የሚል ነው። በሂማቻል ፕራዴሽ ግዛት በሃሚርፑር አውራጃ የአንዲት ባልቴት መሬት በ1967 ገደማ ያለ ማስታወቂያና ያለ ካሳ ተወስዶ መንገድ ተሠራበት። ሴትየዋ ማንበብና መጻፍ አይችሉም፤ መብት እንዳላቸውም አያውቁም ነበር። ጎረቤቶቻቸው ተከራክረው ማሸነፋቸውን ከሰሙ በኋላ በ2010 አቤት አሉ። ክፍለ ግዛቱ መሬቱን ለረጅም ዓመታት በመያዜ በይርጋ የእኔ ሆኗል ብሎ እስከ መከራከር ደረሰ። ሴትየዋ 80 ዓመት በሆናቸው ጊዜ፣ በጃንዋሪ 2020 ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ክርክሩን ውድቅ አደረገው፤ መንግሥት በዜጋው መሬት ላይ በይርጋ ባለቤት ሊሆን አይችልም፣ ካሳ ያለመክፈል በደልም ካሳው እስኪከፈል ድረስ የሚቀጥል በደል ነው በማለት ለጎረቤቶቻቸው የተከፈለው ካሳ ከነወለዱ እንዲከፈላቸው አዘዘ። በሜይ 2024 ደግሞ ያው ፍርድ ቤት በሌላ ጉዳይ አንቀጽ 300ኤ ሰባት መብቶችን እንደያዘ ዘርዝሮ፣ ስድስተኛው ሂደቱ በቅልጥፍናና በፍጥነት የመካሄድ መብት መሆኑን ገልጿል።

ይህ ርኅራኄ የሚሠራው ግን ጭራሽ ካሳ ላልተከፈለው ሰው ነው። ካሳ ተቀብሎ ጭማሪ ለሚጠይቅ ሰው ጊዜው ጥብቅ ነው። አዋርዱ ሲሰጥ በቦታው የነበረ ባለመሬት መቃወሚያውን ማስገባት ያለበት በ6 ሳምንት ውስጥ ነው፤ በጎረቤት ፍርድ ጭማሪ የሚጠይቅም 3 ወር ብቻ አለው። የ3 ወሩ ጊዜ የሚቆጠረው ፍርዱ ከተሰጠበት ቀን እንጂ አመልካቹ ከሰማበት ቀን አይደለም።